ለሥራው ቅልጥፍና ሲባል

እናቴ አባቴን የከሰሰችው እኔ ሁለተኛ ክፍል ሳለሁ ነው። ቢያንስ እኔ የማውቀው እንደዚያ ነበር፤ ያንን ዓመት በሙሉ ማለት ይቻላል ይህን ጉድ በሆዴ ይዤ ለማንም ትንፍሽ ሳልል ከረምኩ። ከሀኒ በቀር።

የምንኖረው ደሴ፣ ቧንቧ ውሃ ሰፈር፣ እትዬ ገበያነሽ ግቢ ውስጥ ሁለት ክፍል ተከራይተን ነበር። እናቴ ራሂማ የአንድ መንግሥት መሥሪያ ቤት የመዝገብ ቤት ኃላፊ ናት። አባቴ መሕሙድ ደግሞ ኮምቦልቻ ፋብሪካ ውስጥ ሸማኔ ነው፤ ሸማኔ ስል ጉድጓድ ገብቶ መወርወሪያ የሚወረውር ሳይሆን ጆሮ የሚያደነቁር ማሽን የሚጠብቅ ማለቴ ነው። ከደሴ ኮምቦልቻ ሐረጎን፣ ያንን ጠመዝማዛ ዳገት፣ ቁልቁል ከወረዱ ሩቅ አይደለም። ግን የአባባ ፈረቃ አንዴ ሚኒባስ ሳይጀምር ይገባል፣ አንዴ ሚኒባስ ካቆመ በኋላ ይወጣል። ስለዚህ እዚያው ከሥራ ጓደኞቹ ጋር አንድ ክፍል ይዞ ይኖርና በዕረፍት ቀኑ ብቻ ወደኛ ይመጣል።

ሲመጣ ፀጉሩ ውስጥ የጥጥ ብናኝ አይጠፋም። እማዬ ደጃፍ ላይ በርጩማ ላይ ታስቀምጠውና ከኋላው ቆማ ብናኙን በጣቷ ትለቅምለታለች። የሳምንቱ ወሬ የሚወራው ያኔ ነው። እኔም የቤት ሥራዬን ይዤ እግራቸው ሥር እቀመጣለሁ፤ ከወሬው ግማሹ ይገባኛል፣ ግማሹን ራሴ እሞላዋለሁ።

አንድ ቀን እንደዚሁ እየለቀመችለት፣ «ኮምቦልቻ መድበውኛል» አለችው።

አባባ ዞር ብሎ ሊያያት ሲል ጭንቅላቱን ይዛ መለሰችው። «አልሐምዱሊላህ» አለ ፊቱን ወደ ግቢው እንዳደረገ። «አላህ ዱዓዬን ሰማኝ በይኛ።»

የእማዬ ጣቶች ቆሙ። «አልሄድም» አለች።

እኔ በልቤ ኮምቦልቻ ገብቼ ነበር። ለዒድ አንዴ ወስደውኝ አይቻታለሁ። እዚያ ሹራብ አይለበስም፣ ጉም ከጦሳ ተራራ ወርዶ ክፍል ውስጥ አይገባም፣ ሜዳው ለጥ ያለ ስለሆነ ትንንሽ ልጆች ሳይቀሩ ብስክሌት ይነዳሉ፤ ፓፓያ የሰው አጥር ላይ በቅሎ አይቻለሁ። ከሁሉ በላይ አባባ እዚያ ነው። ታዲያ እናቴ አባቴ ወዳለበት አገር ሂጂ ስትባል አልሄድም የምትልበትን ምክንያት ላገኝለት አልቻልኩም።

ከዚያ ወዲያ ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ። ከመካከሉ የያዝኳቸው ቃላት «አግማስ»፣ «ግምገማ»፣ «ቅዳሜ» እና «ብዙዬ» የሚሉ ናቸው። በመጨረሻ ግን እማዬ ጠንከር ብላ፣ «እከሳለሁ» አለች። አባባ፣ «ካልሽ ክሰሺ» ብሏት ብናኙ ግማሹ ፀጉሩ ላይ እንደቀረ ተነስቶ ገባ።

ሀኒ የእትዬ ገበያነሽ ልጅ ናት። በዕድሜ ትበልጠኛለች፤ በዓለም ላይ የማታውቀው ነገር አልነበረም። ስለ ክስ ስጠይቃት አሸዋ የምትቆፍርበትን እንጨት አስቀምጣ በጥንቃቄ አስረዳችኝ። ክስ ያለው ፍርድ ቤት ነው፤ ፍርድ ቤት የሚኬደው ለመፋታት ነው። መጀመሪያ ሽማግሌ ይመጣል፣ ካልሆነ ዳኛ ጋ ይኬዳል፣ ከዚያ አባትሽ ሬዲዮኑን ይዞ ይወጣል። የነሀኒ አባት ሬዲዮኑን ይዞ ነበር የወጣው።

የዚያኑ ቀን የኛን ሬዲዮ በእማዬ አሮጌ ሻሽ ጠቅልዬ አልጋ ሥር ከጀሪካኖቹ ኋላ ደበቅኩት። ሬዲዮኑ ካልተገኘ አባባ ሊሄድ አይችልም፤ እኔ እንደዚያ ነበር ያሰብኩት። በሚቀጥለው ዕረፍቱ አባባ ኳስ ሊሰማ ሬዲዮ ቢፈልግ የለም። እማዬም ፈለገች። ቁምሳጥኑን ሁሉ ከፈቱ። በኋላ አባባ ቁጭ ብሎ፣ «ሬዲዮኑንም አዘዋወሩት እንዴ?» አለ። እማዬ ሳትወድ በግዷ ሳቀች። እኔ አልሳቅኩም።

እውነተኛውን ነገር የሰማሁት ካደግኩ በኋላ፣ ያውም በየምዕራፉ ነው። የእናቴ አለቃ አቶ አግማስ የሚባሉ ሰው ነበሩ። ብዙዬ ደግሞ የመሥሪያ ቤቱ ጽዳት ሠራተኛ ናት፤ ሁለት ልጆች ብቻዋን የምታሳድግ፣ ሚስኪን ሴት። አቶ አግማስ ቅዳሜ ቅዳሜ ቤታቸው እየጠሩ የቤተሰቡን ልብስ ያሳጥቧታል። ሁሉም ያውቃል፣ ሁሉም ዝም ይላል። ዓመታዊው ግምገማ ሲደርስ አቶ አግማስ መድረክ ላይ ወጥተው፣ ማንም ሠራተኛ ሳይፈራ ያየውን በግልጽ እንዲናገር አደራ አሉ። እናቴ አደራ የምታከብር ሰው ናት። ተነስታ ያየችውን ተናገረች።

አቶ አግማስ ስለ ገንቢ አስተያየቷ አመስግነው አስጨበጨቡላት። ሳምንታት አለፉና ደብዳቤ ደረሳት። ባላት የካበተ ልምድ የኮምቦልቻን ቅርንጫፍ መዝገብ ቤት እንድታጠናክር፣ ለሥራው ቅልጥፍና ሲባል ተዛውራለች። ደብዳቤውን የማያውቅ ሰው ቢያነበው ሽልማት ይመስለዋል።

አባባ፣ ሰውዬው ክፉ አደርጋለሁ ብሎ ደግ ካደረገልሽ ምን ቸገረሽ ብሏት ነበር አሉ። እሷ ደግሞ በገዛ እግር መሄድና ተጎትቶ መሄድ አንድ እንዳልሆነ፣ ዛሬ ዝም ብላ ብትሄድ ነገ እዚያ ቢሮ ውስጥ አፉን የሚከፍት እንደማይኖር ነገረችው። ይህንን ሁሉ ሲነጋገሩ እኔ በእግራቸው ሥር የመደመር ሒሳብ እየሠራሁ ነበር።

ቅሬታዋን መጀመሪያ ያየው የመሥሪያ ቤቱ ቅሬታ ሰሚ ኮሚቴ ነው፤ ሰብሳቢው የአቶ አግማስ ምክትል ነበሩ። ኮሚቴው ስሙ ሰሚ ስለሆነ ሰማ። ከሰማ በኋላ ዝውውሩ ትክክል ነው አለ። እናቴም የመንግሥት ሠራተኞችን ጉዳይ ለሚያየው ለአስተዳደር ፍርድ ቤቱ ይግባኝ አለች። ፍርድ ቤቱ እስኪወስን ድረስ ዝውውሩ ታግዶ ባለችበት እንድትቆይ አዘዘ።

ባለችበት ቆየች። ያለችበት ግን አልቆየላትም። ወንበሯ ላይ ሌላ ሰው ተቀመጠ፤ ለእሷ ኮሪደር ላይ አንድ ወንበር ወጣላት፣ ያለ ጠረጴዛ፣ ያለ ሥራ። ጠዋት ትፈርማለች፣ ትቀመጣለች፣ ማታ ትፈርማለች። ይህንንም ያወቅኩት ኋላ ነው። ያኔ የማውቀው እናቴ ክርና መርፌ በቦርሳዋ ይዛ ቢሮ እንደምትሄድና ዳንቴል ሠርታ እንደምትመለስ ብቻ ነው። በዚያ ዓመት ቤታችን ውስጥ ዳንቴል ያልለበሰ ዕቃ አልነበረም። ቴርሞሱ ለበሰ፣ የመብራት ቆጣሪው ለበሰ፣ የእትዬ ገበያነሽ ቴሌቪዥን ለበሰ። እኔ ትምህርት ቤት እናትሽ ምን ትሠራለች ሲሉኝ፣ መንግሥት ዳንቴል ያሠራታል ብዬ በኩራት መለስኩ። አስተማሪዬ ሳቀች። ምን እንዳሳቃት አልገባኝም፤ አሁን ሳስበው ግን ከኔ የተሻለ የገለጸው ሰው አልነበረም።

አንድ እሑድ ብዙዬ ቤታችን መጣች። ቀጭን፣ ጥርሰ ፍንጭት፣ ሲያዩዋት ደስ የምትል ሴት ናት። እማዬ ወንበር ስትሰጣት ጫፉ ላይ ተቀመጠች። እማዬ ችሎት ቀርባ ስለ ቅዳሜው እንድትመሰክርላት ጠየቀቻት። ብዙዬ ነጠላዋን አፏ ላይ አድርጋ አለቀሰች። እማዬ የሆነውን ብቻ ተናገሪ፣ ሌላ ምንም አልፈልግም አለቻት። ብዙዬ ስትወጣ የኔን ጉንጭ ሳመችኝ፤ እጇ የሳሙና ሽታ ነበረው።

እሷ ከወጣች በኋላ አባባ፣ «ብዙዬ ከኛ ጋር ከሆነች ሌላው ቀላል ነው» አለ።

ከኛ ጋር ከሆነች። ሁለት ክፍል ቤት ውስጥ የት ልትተኛ ነው? ወደ ሀኒ ሮጥኩ። ሀኒ ራሷን ነቀነቀች። ሴትዮዋ ቆንጆ ናት ወይ ብላ ጠየቀችኝ፤ ናት አልኳት። አለቀሰች ወይ አለችኝ፤ አለቀሰች። ሀኒ እንደ ሐኪም ተንፍሳ፣ «እንጀራ እናትሽ ናት» አለችኝ። ጨርሶ አልተጠራጠረችም።

ችሎቱ የዋለው ትምህርት ቤት በተዘጋበት ሳምንት ስለነበር እማዬ ይዛኝ ሄደች። ዳኞቹ ከባሕር ዳር የመጡ፣ ከከተማ ከተማ እየዞሩ ችሎት የሚያስችሉ ናቸው። ተዘዋዋሪ ችሎት ይባላል አለችኝ። እነሱም ተዛውረው ነው ወይ ብዬ ብጠይቃት፣ «እነሱ አበል አላቸው» አለችኝ።

አዳራሹ የሰው ነበር፤ ለዕለቱ ተውሰውት ነው። የዝናብ ልብስና የወረቀት ሽታ ይሸታል። ሦስት ሰዎች ከፊት ተቀምጠዋል፣ መካከለኛው መነጽር ያደርጋሉ። እኔ በዓይኔ አባባን ፈለግኩት። አልመጣም፤ ፈረቃ ላይ ነበር። በእሱ ቦታ አንድ ወፍራም፣ ከረባት ያሰሩ ሰውዬ ተቀምጠዋል። አባባ የላካቸው ሽማግሌ ናቸው ብዬ ደመደምኩ። አቶ አግማስ መሆናቸው ነበር። ዓይናችን ሲገጣጠም ፈገግ አሉልኝ፤ እኔም ፈገግ አልኩላቸው።

ከዚያ ብዙዬ ተጠርታ ገባች። አዲስ ቀሚስ ለብሳ፣ ፀጉሯን ተሠርታለች። ሙሽራ መሰለችኝ። የመሐላውን ቃል ከተናገረች በኋላ መካከለኛው ዳኛ ቅዳሜ ቅዳሜ ወደ ሰውዬው ቤት ትሄድ እንደነበር ጠየቋት።

«እሄድ ነበር» አለች ብዙዬ።

«አስገድደውሽ ነው?»

ብዙዬ እማዬን አላየቻትም። መሬት መሬት እያየች፣ «በፈቃዴ ነው። እኔው ወድጄ ነው የምሄደው» አለች።

እማዬ አጠገቤ እንደ ድንጋይ ደረቀች። የእሷ መድረቅ ለኔ የሀኒ ትንቢት መፈጸም ነበር፤ ሴትዮዋ በዳኛ ፊት፣ በመሐላ፣ ወድጄ ነው የምሄደው አለች። መጀመሪያ ዝም ብዬ እንባዬ ወረደ፣ ከዚያ መቆጣጠር አቃተኝ። ዳኛው ብዕራቸውን አስቀምጠው ሕፃኗ ምን ሆነች አሉ።

«አባቴን እንዳትሰጧት» አልኩ።

ከኋላ አንድ ሰው ሳቀ፣ ሌላው ተከተለ፤ ፀሐፊዋ አፏን ይዛ ጎንበስ አለች፤ ዳኞቹ ሳይቀሩ ሳቁ። አቶ አግማስ ከረባታቸው እስኪናጥ ሳቁ። ከእማዬና ከኔ ሌላ ያልሳቀችው ብዙዬ ብቻ ናት። ነጠላዋን ፊቷ ላይ ሳበችና ትከሻዋ መንቀጥቀጥ ጀመረ። ሰው ሁሉ እሷም በሳቅ የምትንፈራፈር መሰለው። እኔ ግን ቁመቴ አጭር ስለነበር ከነጠላው ሥር ፊቷን አየሁት።

ብዙዬ እንዲያ የመሰከረችው ለልጆቿ ስትል እንደሆነ እማዬ ያን ጊዜውኑ ገብቷታል። በኋላም ስለ ብዙዬ በሰፈር ክፉ ሲወራ፣ «ደሞዟን የሚፈርሙት እሳቸው ናቸው፣ እኔ አይደለሁ» ትል ነበር። አንድም ቀን ሰላምታ ነፍጋት አታውቅም።

ሳቁ ሲበርድ ዳኛው ወደ መሥሪያ ቤቱ ተወካይ ዞሩ። የጠየቁት ስለ ቅዳሜም፣ ስለ ግምገማም አልነበረም። ኮምቦልቻ ቅርንጫፍ ውስጥ በወይዘሮ ራሂማ ደረጃ ክፍት የሥራ መደብ አለ ወይ ብለው ብቻ ነው የጠየቁት። ተወካዩ ወረቀቶቹን አገላበጠ። በቅርቡ ይከፈታል ተብሎ ይታሰባል አለ። ዳኛው አሁን አለ ወይ አሉ። ተወካዩ አቶ አግማስን አየ፤ አቶ አግማስ ጣሪያውን አዩ።

ወደ ቤት ስንመለስ እማዬ መንገድ ላይ ቆማ አባቴን ለማን ሊሰጡት መስሎኝ እንደሆነ ጠየቀችኝ። ሁሉንም ነገርኳት፤ ሀኒን፣ ሽማግሌውን፣ ሬዲዮኑን። ሱቅ ደረጃ ላይ ቁጭ ብላ እንባዋ እስኪወርድ ሳቀች። እንባው ከሳቁ በኋላም ቀጠለ። የከሰሰችው አባባን ሳይሆን መሥሪያ ቤቱን መሆኑን አስረዳችኝ። ቤት እንዴት እንደሚከሰስ ባይገባኝም ተቀበልኳት። ያልተፈታልኝ ግን ያው የመጀመሪያው ጥያቄ ነው፤ አባባን ካልጠላችው ለምን አባባ ጋ አልሄድም ትላለች?

ውሳኔው የመጣው ክረምቱ ሊወጣ ሲል ነው። በተባለው ቅርንጫፍ በደረጃዋ ክፍት መደብ ስለመኖሩ መሥሪያ ቤቱ ስላላስረዳ ዝውውሩ ተሽሯል፤ ወደ ቀድሞ ሥራዋ ትመለስ። እትዬ ገበያነሽ እልል አሉ። ሀኒ ማን እንደተፋታ ጠየቀች። እማዬ በማግስቱ ወንበሯ ላይ ተቀመጠች፤ ዳንቴሉም ቆመ። ስለ ብዙዬ ውሳኔው አንዲት ቃል አላለም። ግን አቶ አግማስ ከዚያ በኋላ ቅዳሜ ማንንም እቤታቸው አልጠሩም። ለምን እንደተዉት የጠየቃቸው የለም፣ እሳቸውም አልተናገሩም።

መስከረም ላይ እማዬ ማመልከቻ ጻፈች። ባለቤቷ ኮምቦልቻ ስለሚሠራ፣ ቤተሰቡም ተለያይቶ ስለሚኖር፣ በራሷ ፈቃድ ወደ ኮምቦልቻ ቅርንጫፍ እንድትዛወር ጠየቀች። አሁን የፈለገችው ራሷ ስለሆነች መሄድ ትችላለች። አባባ ከማንም በላይ ደስ አለው፤ ሁለት ክፍል ቤት መፈለግ ሁሉ ጀምሮ ነበር።

መልሱን በርጩማው ላይ ቁጭ ብሎ ድምፁን ከፍ አድርጎ ያነበበው እሱ ነው። አቶ አግማስ የፈረሙበት ነው። ክቡር ፍርድ ቤቱ ባረጋገጠው መሠረት በኮምቦልቻ ቅርንጫፍ በደረጃዎ ክፍት የሥራ መደብ ስለሌለ ጥያቄዎን ለመቀበል የማንችል መሆኑን እንገልጻለን።

አባባ አንብቦ ሲጨርስ ደግሞ አነበበው። እማዬ ብናኝ መልቀሟን ትታ ከኋላው አንገቷን አሻግራ አየች።

«እውነቱን ነው» አለች።

«ማስረጃውን ያቀረብሽለት አንቺ ነሽ» አላት። «ይግባኝ ብትይ እንኳ በራስሽ ላይ ነው።»

በአቶ አግማስ የሥራ ዘመን የወጣ እንከን የሌለው፣ ሕግን የተከተለ፣ እውነት ብቻ የያዘ ደብዳቤ ያ ብቻ ሳይሆን አይቀርም። እኔ ዛሬ የመንግሥት ሠራተኛ ነኝ፣ ያውም ሰው ኃይል አስተዳደር ክፍል፤ ለሥራው ቅልጥፍና ሲባል የሚለውን ሐረግ እኔም በእጄ ጽፌ አውቃለሁ። አንዳንዴ እውነት ይሆናል። ስጽፈው ግን ክፍት መደቡን ሁለቴ አያለሁ።

ጥቂት ሳምንታት አለፉ። አባባ መጣ፣ ሄደ። አንድ ቀን ግን ሊሄድ ጫማውን እያሰረ፣ «ሚኒባስ ሽቅብም ይሄዳል እኮ» አለ። እማዬ ምን ማለቱ እንደሆነ ወዲያው ገባት። የሱ ፈረቃ ይቀያየራል፣ የእሷ ሰዓት ግን ሁልጊዜ አንድ ነው። ቤቱ ኮምቦልቻ ቢሆን፣ እኔም እዚያ ብማር፣ እሷ ጠዋት ሐረጎን ወጥታ ማታ መውረድ ትችላለች። ይህን ያህል ዘመን እንዴት እንዳልታሰባቸው እነሱም አያውቁም። ምናልባት ሽቅቡን ለመውጣት መጀመሪያ የደሴው ወንበር የራሷ መሆን ነበረበት።

በኅዳር ዕቃችንን አይሱዙ ላይ ጫንን። ብዙዬ ልጆቿን ይዛ መጥታ ፍራሽ አሸከመችን፣ ቁምሳጥኑን ከአባባ ጋር ይዛ አወጣች። እማዬ ስትሰናበታት ረጅም ጊዜ ተቃቀፉ፤ ሰኞ ቢሮ እንደሚገናኙ ረስተውት ነበር መሰለኝ። ሀኒ ሬዲዮኑን ማን እንደያዘ አረጋገጠች። እኔ ነበርኩ፣ ጭኔ ላይ። ሐረጎን ስንወርድ ሹራቤን አወለቅኩ።

የመጀመሪያው ሰኞ ጠዋት በር ሲከፈት ነቃሁ። አባባ ከፈረቃው ሲገባ፣ እማዬ ቦርሳዋን አንግታ ስትወጣ በሩ ላይ ተገጣጥመዋል። ቁርስህ ምድጃው ላይ ነው አለችው። ጃንጥላ ያዢ፣ እላይ ይዘንባል አላት። እሷ በጎኑ ሾልካ ወጣች፣ እሱ በጎኗ ሾልኮ ገባ።

አልጋው ጫፍ ላይ ሲቀመጥ እማዬ የት እንደሄደች ጠየቅኩት።

«ደሴ» አለኝ። «ሥራ።»

«ፈርደውባት ነው?»

አባባ ዓይኑን ጨፍኖ ጋደም አለ።

«ፈርደውላት ነው» አለኝና ጫማውን ሳያወልቅ እንቅልፍ ወሰደው።